ሰባት ጫማ ጥላ

ማጭዴ ይዶልዱም፣ ይህን አታምነኝም! (መቼም ከዶለዶመ ቆይቷል፤ መሐላ ግን መሐላ ነው።) ና፣ እዚህ ካቡ ላይ ተቀመጥ። ከሞላሌ ድረስ በእግር የመጣ ሰው ትንሽ ቢያርፍ ምን ይለዋል? ፊትህን ወደ መንገዱ አድርግ። እኔም ለገብሱ ጀርባዬን ሰጥቻለሁ። ለምን አትበለኝ። የደረሰ ገብስ ያላጨደውን ሰው ዓይን ዓይኑን ያያል።

ዛሬ ረቡዕ ነው አይደል? እኔ ደግሞ ሐሙስን አይቼው ነው የመጣሁት። አትሳቅ! ገና ምኑን ሰማኸውና።

በዚሁ በዛሬው ረቡዕ ጠዋት፣ ያኔ በፊተኛው ማለቴ ነው፣ ባለቤቴ አስካለ ማጭድ አቀበለችኝ። ገብሱ ደርሷል፣ ሰማዩም አላማረኝም፣ ዛሬውኑ እንጨደው አለች። እኔ ምን አልሁ? ነገ። «የቸኮለች አፍስሳ ለቀመች» ብዬ ተረትሁባት። «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ብዬ መረቅሁላት። ከዚያ እዚሁ መንገድ ዳር ወጥቼ፣ ወደ ራቤል ለሚያልፈው ሁሉ ቀልድ ሳድል ዋልሁ።

አሥር ሰዓት ላይ በረዶ ወረደ። የዶሮ እንቁላል የሚያህል! እሺ፣ የባቄላ ፍሬ የሚያህል። ገብሱን ግን የመታው እንደ እንቁላል ሆኖ ነው። አንድ ዘለላ አልተረፈም። አስካለ አልጮኸችም፣ አልረገመችኝም። ጎተራውን ከፍታ ውስጡን አየችና መልሳ ዘጋችው። እሱ ነው የገደለኝ። አራት ልጆች አሉን፤ ጎተራው ውስጥ ያለው ደግሞ ገናን አያሻግርም።

በማግስቱ ጠዋት በርኖሴን ደርቤ ወደ ገደሉ አፋፍ ወጣሁ። እኛ ዘንድ ጉም ሲወርድ ከገደሉ ሥር የተማሪ ዜማ ይሰማል። ሽማግሎች የጊዜ ጉባኤ ቤት ይሉታል። ቅኔ አይዘረፍበትም፣ ዳዊት አይደገምበትም፤ የሚጠናው ጊዜ ራሱ ነው። ቀን የጠፋበት ሰው እዚያ ሄዶ ይጠይቃል ይባላል። ሄዶ መጥቶ ያወራ ሰው ግን ሰምቼ አላውቅም።

ጉሙ ውስጥ የጅባራው ተክል ሁሉ ሰው መስሎ ቆሟል። ለአንዱ ሰላምታ ሰጠሁት፤ ጅባራ ነው። አፈርሁና ሁለተኛውን ዝም ብዬ አለፍሁት። እሱ ደግሞ ከኋላዬ «እግዚአብሔር ይመስገን» አለኝ።

የጉባኤ ቤቱ ውሻ ከመድረሴ በፊት ጮኾ ጨርሶ ተኝቷል። ተማሪዎቹ ትናንት የበሉትን ቆሎ ዛሬ ይቆላሉ። ትምህርታቸውንም ከመጨረሻው ቃል ጀምረው ወደ መጀመሪያው ይወርዱታል። አባቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ አብሮት ያደገ አንድ ጎረምሳ ጉም ውስጥ ገብቶ እንደ ቀረ ያወራኝ ነበር። ግንባሩ ላይ የማጭድ ጠባሳ ያለው። ይኸው መካከላቸው ተቀምጧል። ጠባሳው አለ። ጢሙ ገና አላበቀለም። ወደ መሬት ባይ ደግሞ ከአንዳቸውም ሥር ጥላ የለም።

እኔ ስፈራ ዝም የምል መሰልሁህ? ስፈራ እቀልዳለሁ። «አንድ ቄስና አንድ አህያ ወንዝ ሊሻገሩ...» ብዬ ጀመርሁ። ጉባኤው በሙሉ በአንድ ድምፅ ጨረሰልኝ። አንድም ሳይስቅ። ወዳጄ፣ ሞት ምን እንደሚመስል ያወቅሁት ያን ጊዜ ነው።

የኔታቸው ብቅ አሉ። ዓይናቸው የታወረ፣ ድምፃቸው ግን የልጅ።

«ተሰማ፣ ዛሬም ረቡዕን ነው?» አሉኝ።

ስሜን ማን ነገራቸው? የኔታ፣ እኔ እንኳ ገና ዛሬ መምጣቴ ነው አልኋቸው።

«ስድስተኛህ ነው» አሉ።

በጾም ቀን ሰዓት የምናውቀው ጥላችንን በእግራችን ጫማ እየሰፈርን አይደል? የእኔ ጾም መፍቻ ላይ ሰባት ጫማ ነበር፤ አገር ያውቃል። የኔታ ፀሐይ በሌለበት በዚያ ጉም ውስጥ ጎንበስ ብለው ሰፈሩት። ሁለት ጫማ! አንድ ቀን ለመመለስ አንድ ጫማ ጥላ እንወስዳለን አሉኝ። ጫማው ሲሄድ የቀደመውን መንገድህን ትዝታ ይዞ ይሄዳል፤ አንተ ሁልጊዜ እንግዳ ነህ፣ የአገርህ ሰው ግን አይረሳም። ሰማይ ያወረደው ወደ ሰማይ ይመለሳል፤ የሰው እጅ የሠራው ግን እንደ ተሠራ ይቀራል። እንዲህ አሉኝ።

ጥላው ሲያልቅስ አልኋቸው።

በመቋሚያቸው ከጎረምሳው አጠገብ አንዲት ባዶ አጎዛ አሳዩኝ። እጄን ሰድጄ ዳበስኋት። ሞቃለች! ማንም ሳይቀመጥባት ሞቃለች። እኔ፣ ከቄስ ትምህርት ቤት አጥር ዘልዬ ያመለጥሁ፣ ከሀ ወዲያ ያለውን ፊደል የማላውቅ ሰው፣ ለዘላለም ተማሪ ልሆን!

ጎተራው ትዝ አለኝና ይውሰዱት አልሁ።

ዓይኔን ስገልጥ ደጄ ላይ ቆሜያለሁ። ረቡዕ ጠዋት! ማጭዴን ይዤ በቀጥታ ወደ ማሳው... ልሄድ ነበር። ግን ይህን የመሰለ ወሬ በሆዱ ይዞ ማን ያጭዳል? አንተ ታጭዳለህ? መጀመሪያ ለንስሐ አባታችን ለመምሬ ልንገር ብዬ ሮጥሁ። መምሬ ጉንጫቸው ሰርጉዷል። ሳያስጨርሱኝ እጄን ያዙኝ።

«ተሰማ ልጄ፣ ይኸው ሰባት ቀን ሙሉ ረቡዕ ሆነብን። ሰባት ቀን ሙሉ ጾም! ከሄድህ አይቀር ምናለ አንዴ እንኳ ፋሲካን ብታመጣልን?»

ጎረቤቶቼ ደግሞ ገና ሲያዩኝ በራቸውን ዘጉ። ለዚህ እኮ ነው አንተን መንገደኛውን የያዝሁህ። እናንተ ዘንድ ዛሬ ምን ቀን ነው? ... አይ፣ ተወው። አትንገረኝ።

እስኪ ጥላዬን እያት። የአንተ መንገዱን ተሻግሯል። የእኔ እግሬ ሥር እንደ ድመት ተኝታለች። አንዲት ጫማ። ያ ከወዲያ ማዶ የሚመጣው ደመና ደግሞ... አውቀዋለሁ። የሆዱን ጥቁረት ሳይቀር አውቀዋለሁ። ልነሣ ነው። ይህችን ብቻ ልጨርስልህና አጭዳለሁ።

ኧረ አስካለ መጣች። ማጭድ ይዛለች፣ ፀጉሯን ገለባ ሞልቶታል። አስካለዬ፣ አሁን ልነሣ ነው እኮ! ምን አልሽ? ዞር በል? እሺ፣ ይኸው ዞርሁ።

በስመ አብ! ወዳጄ፣ ገብሱ የለም! ማሳው ከዳር እስከ ዳር ታጭዷል። ነዶው ተከምሯል፤ ክምሩም የበግ ጠጉር ባና ለብሷል። ከታች በኩል አንዲት ጥግ ብቻ ቆማለች። ለካስ እኔ ረቡዕ ባመጣሁ ቁጥር፣ እኔ ካብ ላይ ሳወራ፣ እሷ ከኋላዬ ታጭድ ኖሯል! እንቁላሉ በእግሩ ሄዷል፤ ያውም በእኔ ጫማ።

ኧረ አስካለ፣ እንደዚህ አትይኝ። የቀረችኝ አንዲት ጫማ ናት። እሷን ከሰጠሁ መመለሻ የለኝም፤ አጎዛዋ ሞቃ እየጠበቀችኝ ነው። ሰምተሽኛል?

ደመናውን አየች። ጥጓን አየች። ጎንበስ ብላ እግሬ ሥር የተኛችውን ጥላ አየችና ቃሉ ከአፏ አመለጣት፦

«አንድ ጫማ ቀርቶሃል፣ አንድ ጥግ ቀርቶኛል፤ ታዲያ ምን ተቀምጠህ ታወራለህ?»