ስለ ጸደይ ጉዞ፣ ስለ ጭቃና ስለ ከርከሮ

በጃፓን ዘመን አቆጣጠር ሬይዋ 6 ዓመት፣ የካቲት፣ ሁለተኛው ቅዳሜ፣ ከምሳ በኋላ።

ቦታ፦ የኮሚዶሪ ሰፈር መሰብሰቢያ ቤት፣ ከመቅደሱ አጥር ጎን፣ ጣሪያው የሚያፈሰው።

የተገኙ፦
ሊቀ መንበር አቶ ሂሮሴ፣
ምክትል ሊቀ መንበር የኔታ ኒሺዋኪ፣ በጡረታ የተገለሉ ርዕሰ መምህር፣
ወይዘሮ ኦታኬ፣ የቶፉ (የአኩሪ አተር አይብ) ነጋዴ፣ ከዚህ ቤት ጀርባ ያለው የሩዝ ማሳ ባለቤት፣
አቶ ኩዋባራ፣ የጸደይ ጉዟችን መሪ፣
ጸሐፊ ሚናጋዋ፣ ሥራው በዕጣ የወጣብኝና እስካሁን ዕጣው በድጋሚ ያልወጣልኝ።

ያልተገኙ፦ ወይዘሮ ፉሳኤ ኩዋባራ፣ የአቶ ኩዋባራ ባለቤት፣ የጉዞው የኋላ ባንዲራ ያዥ። (ባለፈው ጥቅምት አርፈዋል። ስማቸው ይሰረዝ ብሎ የደፈረ ስላልተገኘ እንዳለ ተጽፏል።)

ምልዓተ ጉባኤው መሟላት አለመሟላቱን ለማወቅ መተዳደሪያ ደንቡ ተፈልጎ ታጣ። መሟላቱን የሚከለክል ነገር ስላልተገኘ ተሟልቷል ተብሎ ስብሰባው ተጀመረ። አቶ ኩዋባራ እንደ ልማዳቸው ከሁሉም ቀድመው መጥተው ውሃ አፍልተው ስለነበር ሻይ ቀረበ። ስለ ብርዱ ሰፊ ውይይት ተደረገ። ብርዱ ብርድ መሆኑ በሙሉ ድምፅ ተረጋገጠ።

አጀንዳ 1፦ በኋላ በር ስለሚገኘው ጭቃ

ሊቀ መንበሩ እንደገለጹት ካለፈው ኅዳር ጀምሮ በወጥ ቤቱ በኩል ያለው የኋላ በር ደፍ ላይ ጭቃ እየተገኘ ነው። ማንንም ለመውቀስ እንዳልሆነ፣ ሁሉም ሰው ንጹህ መሆኑን እንደሚያምኑ፣ ጭቃው ግን ጭቃ እንደሆነ አስረድተዋል።

ወይዘሮ ኦታኬ በበኩላቸው ጭቃው የእሳቸው መሆኑን አስታወቁ። አፈሩ የማሳቸው ነው ማለታቸው ነው እንጂ አምጪው እሳቸው አይደሉም። የማሳቸው ድንበር፣ ያ ውሃ የሚይዝላቸው አፈር፣ ተረጋግጦ ተረጋግጦ አንድ ጎኑ መናዱን፣ ይህን የሚያደርግ ደግሞ ከርከሮ ካልሆነ በቀር ሌላ ፍጡር እንደማይኖር ተናገሩ። ምን የጨዋ ልጅ በሰው ማሳ ይመላለሳል ሲሉ ጠየቁ።

የኔታ ኒሺዋኪ ነገርን ከሥሩ ውሃን ከጥሩ ብለው ከጥንት ነገሥታት ዘመን አደን ጀመሩ። ወደ ዘመናችን ለመድረስ ብዙ ስለቀራቸው ዱካውን ሄደው እንዲያዩ በትህትና ተለመኑ። አይተው ሲመለሱ፣ በረዶ ስለቀለጠበት ቅርጹ ባይለይም ከአካሄዱ ኮራ ማለት ያረጀ ወንድ ከርከሮ መሆኑ እንደማያጠራጥር አረጋገጡ።

ጸሐፊው ጥፋቱ የሚታየው ሁልጊዜ ስብሰባ ባለበት ቀን መሆኑን አነሳ። ከርከሮው የሩዝ ብስኩታችንን ሽታ ለምዶ ነው በሚል ሐሳቡ ታለፈ። አቶ ኩዋባራን ሳል ያዛቸው።

ከረጅም ውይይት በኋላ፦
ሀ) «እግርዎን ይጥረጉ» የሚል ማስታወቂያ በኋላ በር እንዲለጠፍ፣
ለ) በማሳው ድንበር ላይ የከርከሮ ወጥመድ እንዲጠመድ ተወሰነ።

ከርከሮ ማንበብ ስለማይችል «ሀ» ለምን እንዳስፈለገ ጸሐፊው ጠየቀ። ጸሐፊ የሚጽፍ እንጂ የሚጠይቅ እንዳልሆነ ተነገረው። ተጽፏል።

አቶ ኩዋባራ ወጥመዱ መቼ እንደሚጠመድ ጠየቁ። ወይዘሮ ኦታኬ ለነገ የሚያድር ነገር አልወድም ብለው እዚያው ለልጃቸው ስልክ ደወሉ። አቶ ኩዋባራ የሻይ ማንቆርቆሪያውን አንስተው፣ ሞልቶ የነበረውን የሊቀ መንበሩን ስኒ በድጋሚ ሞሉት። ጠረጴዛው ተወለወለ።

አጀንዳ 2፦ የናራ ከተማ ገዳማትና መቅደሶች የአንድ ቀን ጉዞ

ጉዞው እንደ ወትሮው በሚያዝያ መጀመሪያ፣ የቼሪ አበባ ሲፈነዳ፣ በአንድ አውቶቡስ እንዲሆን ያለ ተቃውሞ ጸደቀ። ከዚያ በኋላ ሁሉም ብስኩት ማኘክ ያዘ።

ለመዝገቡ ያህል፣ ማኘኩ የምን እንደሆነ ሁሉም ያውቃል። ሐዘን ያለበት ሰው ዓመቱ እስኪያልፍ በመቅደስ ቀይ በር ሥር አያልፍም። የቡድሃ ገዳም ሐዘንተኛ አይመልስም፣ መቅደስ ግን በሞት የተነካ ሰው እንዲገባበት አይፈለግም። አቶ ኩዋባራ ደግሞ ጉዞውን ሲመሩ የኖሩ ሰው ናቸው፣ ከፊት ቢጫ ባንዲራ ይዘው። ከኋላ ሌላዋን ባንዲራ ይዘው ዘገምተኛውን የሚሰበስቡት ወይዘሮ ፉሳኤ ነበሩ። ሰውየው ከጥቅምት ወዲህ ከቤት የሚወጡት ለዚህ ስብሰባ ብቻ ነው። ጉዞውን ከወሰድንባቸው ምን እንደሚቀራቸው አላውቅም። እሱን ግን ማንም አጀንዳ አድርጎ አላስያዘም።

ሊቀ መንበሩ ውይይቱን ሲከፍቱ «አንድ ሰው» እንበል፣ ያ «አንድ ሰው» አንዳንድ ቦታ መግባት ባይመቸው ምን ይደረግ ብለው ጠየቁ። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል። የዚህኛው ባለቤት ግን እዚያው ጠረጴዛው ጫፍ ላይ ተቀምጦ ብስኩት ያድል ነበር።

ሊቀ መንበሩ በዚህ ዓመት መቅደሶቹ ይቅሩና በገዳማቱ ብቻ እንወሰን አሉ። ወይዘሮ ኦታኬ ምሳ የሚበላው መቅደሱ ደጃፍ ላይ መሆኑን፣ የምግብ ቤቱ ሰው በየዓመቱ የሚጠብቀን መሆኑን አንስተው፣ ፊት ነስተን ብናልፍ ምን ይለናል ሲሉ ተቃወሙ። እንግዲያው ከአውቶቡሱ ሳንወርድ በመስኮት እጅ እንንሳ የሚል ማሻሻያ ቀረበ። ወይዘሮ ኦታኬ አምላክን የመንገድ ዳር ዘመድ አደረጋችሁት ወይ ብለው ጠየቁ። ማሻሻያው በራሱ በአቅራቢው ተቃውሞ ወደቀ።

ቀጥሎ ሊቀ መንበሩ፣ አስታራቂ ሐሳብ ብለው፣ «አንድ ሰው» ከቀዩ በር ውጭ ቆሞ በድምፅ ማጉያ ወደ ውስጥ ይግለጽልን አሉ። ከውጭ ሆኖ ውስጡ አይታየውም የሚል ጥያቄ ተነሳ። ለብዙ ዓመት ስላየው በቃሉ ያውቀዋል የሚል መልስ ተሰጠ። በመቅደሶቹ ዙሪያ እንደ ልብ የሚዘዋወሩት የናራ አጋዘኖች ድምፅ ማጉያ ሲሰሙ የምሳ ጥሪ መስሏቸው ይሰበሰባሉ የሚል ስጋት ቀረበ። ስጋቱ ተገቢ ሆኖ ስለተገኘ ማጉያው ዝግ እንዲል ተስማሙ።

በዚህ ጊዜ የኔታ ኒሺዋኪ፣ ግዴታ ከሆነባቸው፣ አገር ከጠየቃቸው፣ ሌላ ሰው ከጠፋ፣ መሪነቱን ራሳቸው ለመውሰድ ፈቃደኛ መሆናቸውን ገለጹ። አባላት በሙሉ ደስታቸውን ገለጹ፣ ከዚያም በሙሉ ወደ ስኒያቸው አቀረቀሩ። የኔታ አንድ ጊዜ መርተውን ያውቃሉ። ስለ አንዲት ምሰሶ ሲያስረዱ መሽቶብን፣ የተቀሩትን ስድስት ገዳማት ያየነው በፖስት ካርድ ነው።

ከረጅም ውይይት በኋላ የገዳማቱን ጉብኝት አቶ ኩዋባራ፣ የመቅደሶቹን የኔታ ኒሺዋኪ እንዲመሩ፣ በዚያ ጊዜ አቶ ኩዋባራ አውቶቡስ ውስጥ «ጥሩ ዕረፍት እንዲያደርጉ» ተወሰነ። አስተያየታቸውን ሲጠየቁ «እሺ። እንዳላችሁ» አሉ። ስኒዎቹን ሰብስበው፣ ገና ያልጨረስነውን ሻይ ጭምር፣ ወደ ወጥ ቤት ገቡ።

አጀንዳ 3፦ የኋላ ባንዲራ

ሊቀ መንበሩ አጀንዳውን አነበቡ። ዝም አይነቅዝም ብለን ወደሚቀጥለው ስብሰባ አሸጋገርነው።

ልዩ ልዩ

ለወይዘሮ ኦታኬ ስልክ ተደወለ። ልጃቸው ወጥመዱን መቅበሩን ነግሮ፣ ጥርሱ ብረት ስለሆነ እስኪነጋ ድረስ ማንም በኋላ በር እንዳይወጣ አስጠነቀቀ። ወይዘሮዋ መልእክቱን ለጉባኤው አሰሙ። ጉባኤው ለልጁ ምስጋና እንዲጻፍለት ሊወስን ሲል አቶ ኩዋባራ ከወጥ ቤት ወጥተው ቆሙ። እጃቸው ላይ ጭቃ የደረቀበት የላስቲክ ቦት ጫማ ነበር።

«ወይዘሮ ኦታኬ» አሉ፣ «ከርከሮው እኔ ነኝ።»

ጸሐፊው ቃል በቃል ጽፎታል። ሊቀ መንበሩ ይደገምልኝ አሉ። ተደገመላቸው።

ወይዘሮ ኦታኬ፣ ምን ሆነው ነው በማሳ የሚመጡት፣ መንገድ ጠፍቶ ነው ወይ ብለው ጠየቁ።

«መንገዱማ በቀዩ በር ሥር ነው የሚያልፈው።»

እዚህ ላይ አባላቱ በሙሉ ወደ ፊት ለፊቱ መስኮት ዞሩ። በሩ እዚያው እንደቆመ ነበር። ወደዚህ ቤት በመጣን ቁጥር ሁላችንም በሥሩ እናልፋለን። ስለ ናራ በሮች ስንጨነቅ ውለን፣ የገዛ ደጃችንን በር ልብ ያለው አልነበረም። ጸሐፊውም አልነበረም።

የኔታ ኒሺዋኪ፣ የመቅደሱ ካህን ከሃምሳ ቀን በኋላ ግድ የለም ማለታቸውን በለሰለሰ ድምፅ አሳሰቡ። አቶ ኩዋባራ ቦት ጫማቸውን እያዩ መለሱ።

«ለካህኑ ይበቃል፣ የኔታ። ፉሳኤ ግን ለእናቷ ዓመት ሙሉ ጠብቃለች። ስብሰባ በመጣ ቁጥር በዚያች ድንበር ነበር የምትመጣው፣ እኔ ጃንጥላ ይዤላት። እኔ ከእሷ አንሼ የእሷን ሐዘን ላሳጥረው? ድንበሩን ስለናድኩብዎ ወይዘሮ ኦታኬ፣ በጣም አፍሬያለሁ። ያኔ ሁለት ሆነን ስንሄድ አይናድም ነበር።»

አጎንብሰው ይቅርታ ጠየቁ። ረጅም ነበር ማጎንበሳቸው። ጸሐፊው እዚህ ቦታ ላይ ብዕሩ ስላስቸገረው ጥቂት አረፍተ ነገር ዘሏል።

ወይዘሮ ኦታኬ ስልካቸውን አንስተው ለልጃቸው ወጥመዱን አሁኑኑ ንቀለው አሉት። ልጁ ከርከሮውስ ብሎ ሳይጠይቅ አልቀረም። «ከርከሮ የለም፣ የጉዞ መሪያችን ነው። ዝም ብለህ ንቀል አልኩህ እኮ» ብለው ስልኩን ዘጉት። ከዚያም አፍንጫቸውን ተናፍጠው የሚከተለውን ሐሳብ አቀረቡ፦ በናራ መቅደሶች አቶ ኩዋባራ ከበሩ ጎን፣ በውጭ በውጭ፣ ይዙሩ፤ ሰዉም ይከተላቸው።

አቶ ኩዋባራ ተቃወሙ። ሌላው ሰው ሐዘን ስለሌለበት በወጉ በበሩ መግባት እንዳለበት ተናገሩ።

«መሪው በጎን ዞሮ ተመሪው በበር ከገባ» አሉ ወይዘሮዋ፣ «ማን ማንን መራ ሊባል ነው? ደግሞ ፉሳኤ እኔንስ ስንት ዓመት ከኋላ ስትነዳኝ ኖረች። ሐዘን የለብሽም ያለኝ ማነው?»

የኔታ ኒሺዋኪ ተነስተው፣ የመሪነቱን ሥራ መመለሳቸውን፣ ግን ቤተሰቡ ከፈቀደላቸው የኋላዋን ባንዲራ መያዝ እንደሚፈልጉ ተናገሩ። የኋላ ባንዲራ ያዥ ቃል መናገር እንደሌለበት ወይዘሮ ኦታኬ አስታወሷቸው። ያንን በሚገባ አስበውበት እንደሆነ የኔታ መለሱ። በመሪነታቸው ዘመን እንዲህ አጭር ንግግር አድርገው አያውቁም። አቶ ኩዋባራ ቀና ብለው ባንዲራው ቤታቸው ከቁም ሣጥኑ በስተግራ፣ በእሷ መሃረብ እንደተጠቀለለ መኖሩን ነግረው፣ መሃረቡን ግን እንዲተውላቸው ጠየቁ። ተፈቀደ።

ማጠቃለያ ውሳኔ፦
ከአጀንዳ 1 እስከ 3 የተወሰነውና የተሸጋገረው ሁሉ ተሽሯል። ማስታወቂያው አይለጠፍም። ወጥመዱ ተነቅሏል። ድምፅ ማጉያው፣ ዝግ ያለውም ሳይቀር፣ ተሰርዟል። «ጥሩ ዕረፍት» የተባለው ቃል ከመዝገቡ ይውጣ። ብርዱ ብርድ ነው የተባለው ብቻ ጸንቷል። ወይዘሮ ፉሳኤ ኩዋባራ «ያልተገኙ» ከሚለው ሥር እንዳሉ ይቆዩ።

ስብሰባው ከቀኑ 11 ሰዓት ላይ ተበተነ። አባላት ሲገቡ ያወለቁትን ጫማ ከፊት ለፊቱ በር አንስተው በእጃቸው ይዘው፣ ወጥ ቤቱን አቋርጠው፣ በኋላ በር ወጡ። አቶ ኩዋባራ ከፊት፣ የኔታ ከኋላ ሆነው በማሳው ድንበር ተሄደ። ሊቀ መንበሩ አንድ ጊዜ ወድቀዋል።

በማግስቱ ጠዋት በኋላ በር ደጅ፣ ጭቃው ላይ፣ የአምስት ሰው ዱካ ታይቷል። አጀንዳው የተሻረ ስለሆነ አልተመዘገበም።