ቃሬዛውን የደበቅኩት እኔ ነኝ

ዛሬ ሌባ ተብያለሁ። መንደር ሙሉ ሰው ፊት!

የሰረቅኩትን ብነግራችሁ አታምኑኝም። እስቲ ገምቱ። ስልክ? አይደለም። በግ? አይደለም።

ቃሬዛ።

አዎ፣ በሽተኛ የሚጫንበት፣ ሬሳም የሚጫንበት፣ ያው ቃሬዛ። አትሳቁ፤ ገና ነው።

የቆያችሁ ተከታታዮቼ ነገሬን ታውቁታላችሁ። ለአዲሶቹ ባጭሩ ልንገራችሁ። ሰቆጣ ውስጥ ሶላርና ስልክ እጠግናለሁ። ሙያውን ከቪዲዮ ላይ ነው የለቀምኩት። ባለፈው ክረምት የአንድ ሶላር ኢንቨርተር ስፈታ ኤሌክትሪክ ያዘኝና ጣለኝ። ስነሳ ምንም አልሆንኩም፤ ግን ከዚያን ቀን ወዲህ ገና ያልሆነ ነገር ይታየኛል።

ድንገት ዓይኔ ፊት አጭር ቪዲዮ ይመጣል። ጥራቱ ልክ የለውም። ድምፅ ግን የለውም። ሚውት!

የሎተሪ ቁጥር ለምትጠይቁኝ፦ አይታየኝም። ኢንቦክሴን ተዉልኝ።

የሚታየኝ እንዲህ ያለው ነው። ፍየል ሱቄ ገብታ ቻርጀር ስታኝክ አየሁ፤ ገባች፣ አኘከች። የጎረቤቴ ዲሽ ከጣሪያ ሲወድቅ አየሁ፤ ሮጬ ነገርኩት። «እንግዲያው ላጥብቀው» ብሎ ወጣ። ሲያጠብቀው ወደቀ።

ይቺን ልብ በሉልኝ። ያየሁት ነገር ቀርቶ አያውቅም። ላስቀር ስሞክር ደግሞ ይብሳል።

ዛሬ ጠዋት የአንድ ደንበኛ ስልክ ስክሪን እየቀየርኩ ሳለ መጣብኝ።

የእህቴ መንደር ነው። ከገደሉ አፍ ወደ መንደሩ የሚያስገባው መንገድ። አራት ሰዎች ቃሬዛ ተሸክመው ይመጣሉ። ቃሬዛው ላይ ሰው አለ፤ ፊቱ ሳይቀር በጋቢ ተሸፍኗል። ሴቶች እየሮጡ ይመጣሉ። አፋቸው ተከፍቷል፣ ይዘላሉ፣ እጃቸውን ወደ ሰማይ ይወረውራሉ። የመንደሩ አዋላጅ እማማ አዝመራ ተንበርክከው መሬት ይስማሉ። የቅሬው፣ ማለትም የእድሩ፣ ዳኛ አያ ምስጋናው፣ ለቀብሩም ለበሽተኛውም ሰው የሚያሰባስቡት ሽማግሌ፣ ዱላቸውን ጥለው ፊታቸውን በሁለት እጃቸው ይዘዋል።

ዝርዝር እንደማያመልጠኝ ታውቃላችሁ። ብሎን ከብሎን በዓይኔ የምለይ ሰው ነኝ። እናም እግሩንም አይቻለሁ። ከጋቢው ሥር አንድ እግር ወጥቷል። ግራጫ ካልሲ፣ አውራ ጣቱ ላይ የተቀደደ።

እህቴ ለተብርሃን ከስንት ዓመት ጥበቃ በኋላ አርግዛ ወሯ ገብቷል።

«ባሏ ብርድ እንዳይነካት የራሱን ካልሲ አጥልቆላት ይሆናል» ብዬ አሰብኩ። ይህን ሳስብ እንባዬ ስልኩ ላይ ወረደ። የሰው ስልክ!

እናታችን ስትሞት ያሳደገችኝ እሷ ናት። እታለም ነው የምላት። ከእሷ ሌላ ማንም የለኝም። ይኸው ነው።

ሱቄን ዘግቼ በረርኩ። መንገዱ እስከሚያልቅበት በባጃጅ፣ ከዚያ ወዲያ በእግር። መኪና ወደ መንደሩ አይገባም፤ አምቡላንሱም የሚቆመው እዚያው መንገዱ የሚያልቅበት ላይ ነው። ምጥ የጠናባት ሴት እስከዚያ ድረስ በሰው ትከሻ ነው የምትወርደው። በቃሬዛ።

እየሄድኩ አሰላሁ። ቃሬዛ ሬሳ ይዞ የሚመለሰው መጀመሪያ ሲወጣ ነው። ካልወጣ አይመለስም!

እንዴት ያለ ጭንቅላት ነው በሉኝ።

ቃሬዛው እንደ ሁልጊዜው የቤተ ክርስቲያኑ ደጀ ሰላም ላይ ተደግፎ ቆሟል። ሁለት የባሕር ዛፍ አጣና፣ መሐሉ በጠፍር የተጠላለፈ። በአካባቢው ሰው የለም። ተሳለምኩ። ከተሳለምኩ በኋላ ሰረቅኩ። ቅደም ተከተሉን እዩልኝ!

ራሴ ላይ አድርጌ ገደሉ አፍ ወሰድኩትና ከአፋፉ ዝቅ ብላ ባለች አንዲት ድንጋይ ላይ፣ ከቁልቋሉ ጀርባ ሸጎጥኩት።

ከዚያ እህቴ ቤት ሄድኩ። ፀሐይ ላይ ተቀምጣ ምስር ትለቅማለች።

«ወንድማለም! ምን እግር ጣለህ?» ብላ ሳቀች። «ፊትህ ምነው? የሞተ ሰው ያየህ ትመስላለህ።»

ምን ልበላት?

«ራበኝ» አልኳት።

ምሳ ሳንጨርስ ምጥ ጀመራት።

መጀመሪያ ላይ ደህና ነበር። እማማ አዝመራ ገቡ። ባሏ ኪሮስ ደጅ ላይ ይንቆራጠጣል። እኔ ግድግዳ ተደግፌ ቆሜያለሁ። ያ ድምፅ አልባ ቪዲዮ ጭንቅላቴ ውስጥ ይደጋገማል፣ ይደጋገማል።

እማማ አዝመራ ወጡ። እጃቸው ላይ ደም አለ።

«ይህ በእኔ እጅ የሚያልቅ አይደለም። ልጁ በእግሩ ነው የመጣ። ደሙም በዝቷል። መኪናው ይጠራ፣ ቃሬዛው ይምጣ!»

አንዱ ኔትወርክ ወዳለበት ጉብታ ሮጠ። ሁለቱ ወደ ቤተ ክርስቲያን ሮጡ።

ቤተ ክርስቲያን የሄዱት ባዶ እጃቸውን ተመለሱ።

«የለም።»

«እንዴት የለም?» አሉ አያ ምስጋናው።

«የለም ነዋ! ደጀ ሰላሙ ባዶ ነው!»

«ቃሬዛ የሚሰርቅ ሰው ተወልዶ ያውቃል?»

ተወልዷል አያ። አጠገብዎ ቆሟል።

«የታች ሰፈሮቹ ወስደውት ነው!» አለ አንዱ።

«የታች ሰፈሩ ሰው እኔ ነኝ! አፍህን ሰብስብ!» አለው ሌላው።

«አጣና እንቁረጥ!»

«ተቆርጦ፣ ተልጦ፣ ታስሮ እስኪያልቅ እሷ ትጠብቅሃለች?»

እነሱ ይጯጯሃሉ፣ እኔ አሰላለሁ። ብናገር ቃሬዛው ይወጣል፤ ከወጣ ደግሞ እንዴት እንደሚመለስ አይቻለሁ። ዝም ብል እዚሁ፣ ዓይኔ እያየ ታልቃለች። እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? እውነት ግን፣ ምን?

ያኔ ከውስጥ ድምጿ መጣ። ቀጥኗል።

«ወንድማለም… እዚያ አለህ?»

«አለሁ እታለም።»

«እንዳትሄድብኝ።»

አለቀልኝ።

«ቃሬዛውን የደበቅኩት እኔ ነኝ» አልኩ።

 ዶሮዋ እንኳን መጫሯን ያቆመች መሰለኝ።

«ምን አልክ?» አሉ አያ ምስጋናው።

«እኔ ነኝ። ገደሉ አፍ ነው ያለው። እንዳትሞት ብዬ ነው።»

ይህ ዓረፍተ ነገር ጭንቅላቴ ውስጥ ሳለ ትርጉም ነበረው! ከአፌ ሲወጣ ግን ለራሴም አልገባኝም።

እማማ አዝመራ በኽምጣና አንድ ነገር አሉኝ። አልተረጉምላችሁም።

ኪሮስ አየኝ። ቢመታኝ ይሻለኝ ነበር። «አሳየኝ» ብቻ ነው ያለው።

ሮጥን። ከአፋፉ ወረድኩና ቃሬዛውን ከቁልቋሉ ጀርባ ጎትቼ ወደ ላይ ገፋሁት። ኪሮስ ጠፍሩን ያዘ። እሱ ሲስበው፣ እኔ የቆምኩባት ድንጋይ ከዳችኝ።

ቃሬዛው ወደ ላይ ወጣ። እኔ ወደ ታች ሄድኩ።

እየተንከባለልኩ ወርጄ አንድ ቁጥቋጦ አቆመኝ። እግሬ ቀጭ ሲል ሰማሁት። አያ ምስጋናው ከላይ አንገታቸውን አሰገጉ።

«አንት! ሞተሃል?»

«አልሞትኩም አያ!»

«እንግዲያው ቆይ። እሷ ትቅደም። ስንመለስ እናነሳሃለን።»

ሄዱ።

ከእኔ ጋር የቀሩት ጭላዳ ዝንጀሮዎች ናቸው። ማዶ ካለው ቋጥኝ ላይ ተደርድረው ያዩኛል። አንዱ ትልቁ ወንድ ከንፈሩን ገልብጦ አሳየኝ። እሱም ሰምቷል ማለት ነው።

በጋራው ጥግ ሰዎቹ ተሰልፈው ሲወርዱ ይታዩኛል። በመሐላቸው ነጭ ነገር አለ። እሷ ናት። ቃሬዛውን በገዛ እጄ ነው የሰጠኋቸው። ቪዲዮው እየተፈጸመ ነው፣ የሚቀረው መመለሻው ብቻ ነው።

በሕይወቴ እንደዚያ ፈርቼ አላውቅም። ስልኬ ኔትወርክ የለውም። ጸለይኩ። ጭላዳዎቹ ሣራቸውን ይነቅላሉ።

ፀሐይ ስትዘቀዝቅ ተመለሱ። ኪሮስ የለም። ቃሬዛው ባዶ ነው።

«እታለምስ?»

«መኪናው ወስዷታል» አሉ አያ ምስጋናው። ድምፃቸው ደክሟል። «ከዚያ ወዲያ የምናውቀው የለም።»

ገመድ አውርደው አወጡኝ። እግሬ ስላበጠ ጫማዬን ጎትተው አወለቁት። መቆም አልቻልኩም። አራቱ ተሸካሚዎች ተያዩ።

«ጫኑት» አሉ አያ።

የሰረቅኩት ቃሬዛ ላይ!

«ነቢዩ ደግሞ ይከብዳል!» አለ ከፊት የያዘው፤ የሚታየኝን ነገር መንደሩም ሰምቷል። «ምን ይበላል?»

«ሰቆጣ ኢንቨርተር ነው የሚበላ!»

«ቀስ በል፣ እንዳትጥለው። ተመልሶ ይሰርቀናል!»

ምን መግቢያ አለኝ? ያለበሱኝን ጋቢ ስቤ ፊቴን ሸፈንኩ። ጨለማ ሆነ። ከዚያ ወዲያ ጆሮዬ ብቻ ነው የቀረኝ።

መንደሩ አጠገብ ስንደርስ እግር ሰማሁ። ብዙ እግር። ሩጫ። አንዲት ሴት ጮኸች።

 ይህ ነው። መንገዱ ይህ ነው። ጠዋት ያየሁት ቦታ ላይ ደርሰናል።

ሁለተኛዋ ጮኸች። ሦስተኛዋ ተቀበለቻት።

እልልልልል!

እልልታ?

«ተገላገለች! ኪሮስ ደውሎ! ሴት ልጅ! ሁለቱም ደህና ናቸው!»

የጋቢውን ጫፍ ገለጥኩ። ሴቶቹ አፋቸውን ከፍተው ይዘላሉ፤ እጃቸው ሰማይ ላይ ነው። እማማ አዝመራ ተንበርክከው መሬት ይስማሉ። አያ ምስጋናው ዱላቸውን ጥለው፣ ፊታቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው ያለቅሳሉ። በደስታ!

ሁሉም እንዳየሁት። አንድም የጎደለ የለም። ድምፁ ብቻ ነበር የጎደለው።

ቃሬዛው ላይ ያለው «ሬሳ» ደግሞ እኔ ነኝ። በሐፍረት የተሸፈነ!

እህቴ «ወንድሜን ካላናገርኩ» አለች ተባለ። ኔትወርኩ ያለው ጉብታው ጫፍ ላይ ነው። ስለዚህ ምን አደረጉ? ከነቃሬዛዬ ተሸክመው ጉብታው ላይ አወጡኝ። እየረገሙኝ።

«ቃሬዛ ሰረቅክ አሉኝ» አለች። ድምጿ ደካማ ነው፤ ግን የእሷ ነው።

«አዎ እታለም።»

«ሞቼ አይተኸኝ?»

«አዎ።»

ሁሉንም ነገርኳት። ጋቢውን፣ ሴቶቹን፣ ከጋቢው የወጣውን እግር፣ ካልሲውን።



«ግራጫ ነው?»

«አዎ።»

«አውራ ጣቱ ላይ የተቀደደ?»

«አዎ።»

«አንት ልጅ! ያን ካልሲ ስፋው ብዬህ አልነበር?»

ወደ እግሬ አየሁ። አውራ ጣቴ ወጥቶ መልሶ ያየኛል።

ብሎን ከብሎን የምለየው እኔ ነኝ እንግዲህ!

ቅሬው እዚያው ጉብታው ላይ ፈረደብኝ። እግሬ እስኪድን ቃሬዛው እኔን ይሸከመኛል። ከዳነ በኋላ፣ ለማንም ይሁን ለማን ቃሬዛ በወጣ ቁጥር ከፊት የምይዘው እኔ ነኝ። ይግባኝ የለውም። «ደግሞ ስታይ» አሉኝ አያ ምስጋናው፣ «ከመስረቅህ በፊት ጠይቀን።»

ይህን የምፖስተው እዚያው ጉብታ ላይ፣ ቃሬዛዬ ላይ ተኝቼ ነው። ነገ ሰቆጣ ይወስዱኛል። በምን እንደሆነ አትጠይቁኝ።

እናም ወዳጆቼ፣ የወደፊቱ የሚታያችሁ ካላችሁ፣ ለሰው ከማልቀሳችሁ በፊት መጀመሪያ የገዛ እግራችሁን እዩ።

ግራጫ ክር ያለው ሰው አለ?