ጋሽ ሰይድን ያለፈቃዳቸው ያበረርኳቸው ጊዜ

ካባ ለብሰው የሚበርሩ ጀግኖች አገራችን በየትኛው በር እንደገቡ አላውቅም፤ ከገቡ ወዲህ ግን መውጫው የጠፋባቸው ይመስላል። ደሴ ውስጥ ዞር ዞር ብትሉ የተማሪ ቦርሳ ላይ አሉ፣ የባጃጅ ጀርባ ላይ አሉ፣ የፀጉር ቤት ግድግዳ ላይ ጡንቻቸውን ወጥረው ቆመዋል። የእናቴ ብርድ ልብስ ላይ እንኳ አንዱ አለ፤ እሷ የሰርከስ ሰው ነው የሚመስላት። ልክ ነሽ ብያት አልፌያለሁ።

እኔ ቧንቧ ውሃ ሰፈር ታፔላ ጽፌ የማድር ሰው ነኝ። ጥርስ ሐኪም ካላችሁ ጥርስ፣ ሥጋ ቤት ካላችሁ በሬ እስላለሁ። ሰው ግን ዕድሜ ልኩን በሬ ሲስል አይኖርም። አንድ ክረምት ሥራ ሲቀዘቅዝ የራሳችንን ጀግና ልፍጠር ብዬ ኮሚክ ጀመርኩ። ፊት ቸገረኝ። በመስኮት ብመለከት ጎረቤቴ ጋሽ ሰይድ፣ ዕድሜያቸውን ሙሉ ከደሴ ኮምቦልቻ ሚኒባስ የነዱት፣ በሂና የቀላ ጢማቸውን ለፀሐይ ሰጥተው በራቸው ላይ ተቀምጠዋል። ሳልኳቸው። እናንተ ብትሆኑ መጀመሪያ ፈቃድ ትጠይቁ ነበር።

ታሪኩ ቀላል ነው። ቁልቁለቱ ላይ የአንድ ሚኒባስ ፍሬን ይበጠሳል፤ ጋሽ ሰይድ ካባቸውን እያውለበለቡ ከሰማይ ወርደው መኪናውን ከገደል አፋፍ ያነሱታል፤ ፍሬኑን የቆረጠውን ክፉ ሰውም በቡጢ ይዘርሩታል። አሳተምኩት፤ ሰፈሩ ተሻማበት።

በሦስተኛው ቀን ጋሽ ሰይድ ሰላምታ ነሱኝ። ድመት እንኳ ሳያናግሩ የማያልፉ ሰው ናቸው። ሳምንት ሙሉ በጓሮ በር ስወጣ ስገባ ከረምኩና፣ አንድ ጠዋት ጫማዬን አውልቄ ቤታቸው ገባሁ።

«ይቅር ይበሉኝ፣ ጋሽ ሰይድ።»

ኮሚኩን ከጎናቸው አነሱት። «መብረሩን ይቅር ብዬሃለሁ» አሉ። «ሽርጤን አስወልቀህ ይኼን የተጣበቀ ሱሪ ማልበስህን ባለቤቴ አልወደደችውም፤ እሱም ይቅር። ወላሂ ሰው መትቼ አላውቅም፤ እሱም ይቅር።»

«ታዲያ በምን አስቀየምኩዎት?»

ጣታቸውን በተንጠለጠለው ሚኒባስ ላይ አሳረፉ። «ይኼ ሹፌር በስንተኛ ማርሽ ነበር የሚወርደው?»

መኪና እንጂ ማርሽ አልሳልኩም።

«ከመነሳቱ በፊት ፍሬኑን ቢያይ፣ በሁለተኛ ማርሽ ቢወርድ፣ እኔን ከሰማይ ምን ያስጠራኛል? ስንት ዓመት አብረውኝ የነዱትን ሰዎች ዝርክርክ አደረግሃቸው። ነገ ና፣ አሳይሃለሁ።»

በማግስቱ የወንድማቸውን ልጅ ሚኒባስ ተውሰው ጠበቁኝ። ጎማውን መታ መታ፣ ፍሬኑን ረገጥ ረገጥ አድርገው «ቢስሚላህ» አሉና ተነሳን። ተሳፋሪው ሞልቷል። እኔ ጋቢና ተቀምጬ፣ ደብተሬን ዘርግቼ ጀብዱ ስጠብቅ፤ ሁለተኛ ማርሽ፣ ኩርባ፣ ሁለተኛ ማርሽ፣ ኩርባ። ከኋላችን የነበረው ሁሉ ጡሩምባ እየነፋ ቀደመን። አንዲት ላም መንገድ ልታቋርጥ ብትል ቆመው አሳለፏት። ያኔ እጃቸውን አየሁት፤ ሳይጨብጥ ሳይለቅ መሪው ላይ ያረፈ እጅ። ቡጢ አድርጌ የሳልኩት እሱን ነው። አፈርኩ።

ኮምቦልቻ ስንደርስ ሙቀቱ ተቀበለን፤ ተሳፋሪው ጃኬቱን እያወለቀ ወረደ። ያመሰገነ የለም። አንዲት ሴትዮ ብቻ ዘንቢላቸውን እየጎተቱ፣ «በእግሬ ብመጣ እቀድምዎ ነበር» ብለዋቸው በንዴት ሄዱ።

ጋሽ ሰይድ እስኪያስላቸው ሳቁ።

«አየሃት?» አሉኝ፤ «በሰላም ገብታ ነው የምትቆጣው። በል፣ እሷን ሳላት።»

ይኸው እየሞከርኩ ነው። የሴትዮዋ ቁጣ ጥሩ አድርጎ ይወጣልኛል፤ በሰላም መግባታቸው ነው እምቢ ያለኝ።