ትዕግሥት አለ

ታክሲ ውስጥ «ወራጅ አለ» ማለት ይከብዳችኋል? እኔን ይከብደኛል። አፌ ላይ ይደርስና ይመለሳል። ስለዚህ ሌላ ሰው እስኪል እጠብቅና እሱ በወረደበት እወርዳለሁ። ከዚያ በእግር መመለስ ነው። ስሜም ትዕግሥት ነው፤ ምን ይደረግ።

ላወራችሁ ያሰብኩት ግን ስለ ፊልም ነበር። በጓደኛዬ በመስከረም ስልክ ሦስቴ አይተነዋል። እኩዮቻችን በታጠረ ከተማ ውስጥ ተቆልፎባቸዋል፤ ውሃው እያለቀ ነው። በሩ የሚከፈተው ከልጆቹ አንዱ በሩ ፊት ቆሞ የራሱን ስም ጮክ ብሎ ሲጠራ ነው። የጮኸውን ደግሞ የሚያሳድዷቸው ገዳዮች ይሰሙታል። እናቴ ትንሽ አየችና፣ «እነዚህ ልጆች እናት የላቸውም እንዴ?» ብላ ሄደች። መስከረም የምትወደው እዚያ ከተማ ማትሪክ ስለሌለ ነው። እኔ የምወደው በሩ ፊት ለምትቆመው ልጅ ስል ነው። ትፈራለች። እየፈራችም ትጮሃለች።

አባቴ ሽሮ ሜዳ ሸማኔ ነው። ባለፈው ቅዳሜ ሳምንቱን ሙሉ የሠራውን የሙሽራ ነጠላ ስድስት ኪሎ እንዳደርስ ላከኝ። ሙሽራዋ በአራት ሰዓት ከቤት ትወጣለች። ከዚያ በፊት በነበረው ሳምንት አንድ ጋቢ ይዤ፣ «ወራጅ አለ» ማለት አቅቶኝ አራት ኪሎ ድረስ አልፌ ስመለስ፣ ገዢው ከሌላ ገዝቶ ጠበቀኝ። አባቴ አልተቆጣኝም። እሱም እንደኔ ዝምተኛ ነው፤ «አይዞሽ፣ በዝግ አፍ ዝንብ አይገባም» አለኝ። ቢቆጣኝ ይሻለኝ ነበር።

የቅዳሜው ታክሲ ውስጥ አጠገቤ አንገተ ወፍራም፣ ባለ ሪዝ ሰውዬ ተቀምጠዋል። እንዲህ ያለ ሰው ድምፅ አያጣም ብዬ ተማመንኩባቸው። ስድስት ኪሎ ደረስን፤ ዝም። ወያላው በመስኮት ወጥቶ ከሌላ ወያላ ጋር ይቀልዳል። ነጠላውን አቀፍኩ፤ ልጅቷ ትዝ አለችኝ፤ ጮህኩ። የወጣው ግን የፊልሙ ነው።

«ትዕግሥት አለ!»

ሾፌሩ ደንግጦ ፍሬን ያዘ። ወያላው ዞሮ፣ «የት አባቱ አለ? እዚህ ታክሲ ላይ ትዕግሥት ካለቀ ቆየ» አለ። ታክሲው በሳቅ ሞላ። ፊቴ ነደደ። ግን አልሞትኩም። እንዳልሞትኩ ሳውቅ፣ «ወራጅ አለ» አልኩ፤ አጥርቼ።

ስወርድ ከኋላዬ ሦስት ሰው ወረደ። ሰውዬውም ወረዱ። «ተባረኪ ልጄ፣» አሉኝ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «እኔም እዚሁ ነበርኩ፤ የሚጮህ ሰው ጠፍቶ።»

ነጠላው ሙሽራዋን ደጃፍ ላይ ደረሰባት። ለብሳው ወጣች።

አባቴ አሁንም በዝግ አፍ ዝንብ አይገባም ይላል። እውነቱን ነው። ግን ሰውም አይወርድም።