ሊቀ ጠያቂያን ወልደሚካኤል

ዕድር የሌለው ሰፈር ይኖር ይሆናል፤ ጠያቂ የሌለው ሰፈር ግን የለም። ለመርካቶ የደረሷት ጠያቂ ጡረታ የወጡት የታሪክ አስተማሪ ጋሼ ወልደሚካኤል ነበሩ። ነጋዴው «ሊቀ ጠያቂያን» የሚል ማዕረግ ሰጥቷቸዋል። ጣሊያን ተባሮ ጃንሆይ ከተመለሱ ዓመታት ቢያልፉም፣ ያኔ በወረራው ዘመን የታገለ፣ የታሰረ፣ ከሞት የተረፈ ሰው ከእሳቸው አያመልጥም። ያን ከባድ የድምፅ መቅጃ ቴፓቸውን አንግተው ይመጣሉ፤ «ሰው ሲሞት ቃሉም አብሮ ይቀበራል» ይላሉ፤ ከዚያ የማያባራው «እሺ፣ ከዚያስ?» ይጀመራል።

አንድ ጊዜ ሲኒማ ራስ አጠገብ ፀጉር ቤት ገብተው ጢማቸውን እየተላጩ ሳለ አንድ ሽማግሌ አርበኛ ሲያልፉ በመስኮት አዩ። ግማሽ ፊታቸው በሳሙና አረፋ እንደተሸፈነ ሽማግሌውን ተከትለው ወጡ። ሌላ ጊዜ ለቅሶ ቤት የሟችን ወንድም እያጽናኑ፣ «ለመሆኑ እርስዎስ ያኔ የት ነበሩ?» ብለው አረፉት።

አንዋር መስጊድ አጠገብ ቅመም የምትሸጠው ጠሂራ ግን አልተበገረችላቸውም። ወሬ ለመክፈት ሲሉ እየተመላለሱ እርድ ይገዛሉ፤ ሚስታቸው እትዬ ሸዋርካብሽ «ቤታችን እኮ በእርድ ቢጫ ሆነ» እያሉ ያማርራሉ።

«እትዬ ጠሂራ፣ ያኔ በርበሬውን ወዴት ነበር የሚጭኑት?»

«ወደ ሆድ ነዋ፣ ጋሼ። ይልቅ እርዱን ይያዙ።»

የሚሉት ሳይገባት ቀርቶ አይደለም። እሷና ታላቅ ወንድሟ ሙህዲን በበርበሬ ጆንያ ጥይት ሸሽገው ጫካ ላሉ አርበኞች ያደርሱ ነበር። ይህን ለማንም ነግራ አታውቅም፤ ከጀመረች መጨረሻውንም መንገር ሊኖርባት ነው።

አንድ ክረምት ጋሼ ወልደሚካኤል ቀሩ። ጠሂራ መጀመሪያ እፎይ አለች። እየቆየ ግን ዓይኗ መንገድ መንገዱን ማየት አበዛ። መታመማቸውን ስትሰማ ጥቁር አዝሙድና ማር ቋጥራ አማኑኤል ሰፈር ቤታቸው ሄደች።

ከስተው አልጋ ላይ ተኝተዋል። «ይቀመጡ» አሏት። አንድም ነገር አልጠየቋትም። ዝምታውን አልቻለችውም።

«ያንን ቴፕ ይክፈቱት» አለች።

ነገረቻቸው። የጣሊያን ኬላ ላይ የሙህዲን ጆንያ ተፈቶ ጥይቱ ሲፈስ፣ እሷ ከኋላ ሌላ አህያ እየነዳች ነበር። አስተርጓሚው ወደ እሷ እየጠቆመ «ያቺስ አብራህ ናት?» አለው። ሙህዲን ዓይን ዓይኗን አይቶ «አላውቃትም» አለ። እሷን ለቀቋት፤ እሱን ወሰዱት።

«ለእኔ ብሎ እንዳለው አውቃለሁ፣ ጋሼ» አለች። «ግን ከአፉ የሰማሁት የመጨረሻ ቃል እሱ ሆኖ ቀረ። አንድ ሌላ ቃል ብሰማ እያልኩ አረጀሁ።»

ጋሼ ወልደሚካኤል ሚስታቸውን ጠርተው ከሳጥን ሌላ የቴፕ ክር አስወጡ።

«ይህን የነገረኝ አበራ የሚባል የዚያን ጊዜ እስረኛ ነው። የእህትየዋን ስም ረስቶታል። ቀድሜ ባወራው፣ ወንድሙ የጠፋበት ሁሉ የእኔ ነው ይላል። ከእርስዎ አፍ መምጣት ነበረበት።»

ከቴፑ ሻካራ የሽማግሌ ድምፅ ወጣ፦ «ሙህዲን የሚባል የበርበሬ ነጋዴ አብሮኝ ታስሮ ነበር። ሊወስዱት ሲጠሩት፣ ‹በሕይወት ከወጣህ እህቴን ፈልጋት። አላውቃትም ያልኩት፣ በዚህ ዓለም ከእሷ ሌላ የማውቀው ሰው ስለሌለኝ ነው በላት› አለኝ። ፈልጌ አጣኋት።»

ጠሂራ ወደ ቴፑ ጠጋ አለች። ከዚያ «ይድገሙልኝ» አለች። ጋሼም እትዬ ሸዋርካብሽ እራት እስኪያቀርቡ ድረስ ደጋገሙላት።

ጋሼ ወልደሚካኤል ድነው መርካቶን እንደገና ማስጨነቅ ያዙ። ጠሂራ ባለችበት ግን ማንም አያማቸውም፤ ትቆጣለች። ዓርብ ዓርብ ከሶላት በኋላ ሱቋን ዘግታ ወደ ጋሼ ቤት ስትሄድ ጎረቤቶቿ፣ «እትዬ ጠሂራ፣ ወዴት ነው?» ይሏታል።

«ወንድሜ ጋ» ትላለች።