ያልተለካው የጳጉሜን ዝናብ

በየመሥሪያ ቤቱ አንድ ጊዜያዊ ሠራተኛ አይጠፋም። ቋሚዎቹ ይሾማሉ፣ ይዛወራሉ፣ ይሻራሉ፤ አንዳንዶቹም ይሞታሉ። ከቦታው ንቅንቅ የማይለው ጊዜያዊው ብቻ ነው። አዲስ ሹም ሲመጣ ቁልፉን የሚጠይቀው እሱን ነው፤ የቀድሞው ሹም የት እንደተቀበረ የሚያውቅም እሱ ነው።

በዳንግላ ይህን ማዕረግ የያዙት ዝናብ ለኪው አቶ አድማሴ ነበሩ። በየማለዳው ከግቢው መካከል ከተተከለው ቆርቆሮ ውሃውን ወደ መለኪያው ብርጭቆ ይገለብጣሉ፤ መስመሩን በአገውኛ ይቆጥራሉ፤ በአማርኛ ይጽፋሉ። እንዲህ አሥራ አንድ ዓመት። "ቤትዎን ለምን ቆርቆሮ አያለብሱም?" ሲባሉ፣ "ለጊዜው ነው" ይላሉ። "አጥርዎ ወደቀ" ሲባሉም፣ "ለጊዜው ነው"። ሚስታቸው ወይዘሮ ይታይሽ አምስት ልጅ ወልዳላቸው እንኳ፣ "እኔንም ያገባኝ ለጊዜው ነው" እያለች ጎረቤት ታስቅ ነበር።

ከአውራጃው ፍርድ ቤት አጥር ሥር ተቀምጦ ማመልከቻ የሚጽፈው ሽባባው፣ ባያቸው ቁጥር "ክቡር ጊዜያዊ፣ ዛሬስ ሰማዩ ምን አለ?" ይላቸዋል። በ1957 ዓ.ም. በጋ ግን አቶ አድማሴ ሳይስቁ መጡ። ዓይናቸው ደክሟል፤ የብርጭቆው መስመር እየደበዘዘባቸው ነው። ቋሚ ካልሆኑ ደግሞ ጡረታ የለም።

"ክስ ጻፍልኝ" አሉት።

ችሎት ላይ የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ መልስ አጭር ነበረች። ጊዜያዊ ሠራተኛ በየዓመቱ ነሐሴ ሠላሳ ይሰናበታል፤ መስከረም አንድ እንደገና ይቀጠራል። በጳጉሜን የማንም ሠራተኛ አይደለም። "ስለዚህ አገልግሎቱ ተከታታይ አይደለም።"

አቶ አድማሴ ሽባባው እንዳስጠናቸው መለሱ። "ዝናቡ መች በጳጉሜን ይሰናበታል? ስለካ ነበርሁ። መዝገቡ ይቅረብልኝ።"

መዝገቡ ቀረበ። ጳጉሜን አንድና ሁለት፣ የአድማሴ የእጅ ጽሕፈት። አራትና አምስትም እንዲሁ። ሦስት ግን ባዶ። ዳኛው ገጹን ገለበጡ፤ በቀጣዩም ዓመት ሦስት ባዶ። በአሥራ አንዱም ዓመት ባዶ።

ነገረ ፈጁ ፈገግ አለ። "በዚች ቀን በየዓመቱ ከሥራው ይጠፋል ማለት ነው።"

"አልጠፋሁም። የሩፋኤል ዕለት ነው" አሉ አቶ አድማሴ። "የዚያን ዕለት ዝናብ ጸበል ነው። ጸበል ደግሞ በብርጭቆ ይለካል እንዴ? ለበሽተኛ አድለዋለሁ እንጂ።"

ከኋላ አንዲት ሴት "አሜን" አለች። ዳኛው መነጽራቸውን አወለቁ። መዝገብ የማያውቀውን ቀን ሕግም አያውቀውም፤ ቢሆንም አንዲት በር ከፈቱላቸው።

"ምናልባት በዚያች ቀን አልዘነበ ይሆን? ካልዘነበ የሚጻፍ የለም፤ አገልግሎቱም አልተቋረጠም።"

ሽባባው ከወንበሩ ሆኖ ራሱን ነቀነቀላቸው፤ በሉ እንጂ፣ በሉ!

"መዝነቡንስ ዘንቧል፣ ጌታዬ" አሉ አቶ አድማሴ። "ሩፋኤል አንድ ዓመትም ቀርቶ አያውቅ።"

ክሱ ውድቅ ሆነ።

ደጅ ሲወጡ ሽባባው ፈነዳ። "ጋሼ፣ ምን ነካዎት? 'አልዘነበም' ማለት ይህን ያህል ይከብዳል?"

"ዘንቦ ነበራ።"

"ዳኛው ራሳቸው እኮ ለመኑዎት!"

"ደግ ሰው ናቸው።" አሉ አቶ አድማሴ። "እኔ ዝናብ ለኪ ነኝ፣ ሽባባው። የዘነበውን አልዘነበም ካልሁ፣ ይህን ሁሉ ዓመት ምን ስሠራ ኖርሁ?"

ሽባባው ለደብረ ማርቆስ ፍርድ ቤት ይግባኝ ሊጽፍላቸው ተቀመጠ። ይህ ሰው ለደንበኞቹ ሲል በብዕሩ ያልሞተ አባት ገድሏል፤ ያልተቃጠለ ጎጆ አቃጥሏል። ጳጉሜን ሦስት ላይ ሲደርስ "ችሎት አስደንግጦኝ ተሳስቼ ነው እንጂ አልዘነበም" የሚል ዓረፍተ ነገር ብዕሩ ጫፍ ላይ ነበረ። ቀና አለ። አቶ አድማሴ ጋቢያቸውን ተከናንበው፣ እንደሚሸነፉ እያወቁ ቆመዋል።

"ዘንቦ ነበር" ብሎ ጻፈ። ከሥሩም አሰመረበት።