ሬሳ ሆኜ የጀመርኩበት ቀን

ተዋናይ ሁሉ ስለ አጀማመሩ ሲጠየቅ ንጉሥ ሆኖ ወይም ሙሽራ ሆኖ እንደጀመረ ያወራል። እናንተም ታምኑታላችሁ፤ ለምን አታምኑም? እኔ የጀመርኩት ሬሳ ሆኜ ነው። በኋላ ቀጣሪ ሳይኖረኝ፣ በራሴ እየዞርኩ ብዙ ፊልም ሠርቻለሁ። እንደዚያ ሬሳ የተዋጣልኝ የለም።

ጊዜው ጣሊያን ደብረ ማርቆስን የያዘበት ነው። ታላቅ ወንድሜ ደምሴ አርበኛ ሆኖ ዓባይ በረሃ ገብቷል፤ ወታደር በየገደሉ ያስሰዋል። መልኩን የሚያውቅ ጣሊያን አልነበረም፤ ስሙን ግን ሁሉም ያውቀዋል።

አንድ ቀን ቁይ ገበያ ላይ ስንከራተት አንድ ባንዳ ማጅራቴን ይዞ ካሜራ ወደ ተከለ ጣሊያን ወሰደኝ። ሰውየው የተገደለ ሽፍታ በፊልም አንሥቶ ለአለቃው እንዲያመጣ ታዟል፤ የተገደለ ሽፍታ ግን አላገኘም። የዶሮ ደም ቀብተው መንገድ ዳር አጋደሙኝ። እምቢ ብል የእውነት ሬሳ ያደርጉኝ ነበርና ሙያውን ወደድኩት።

መንገዱ የገበያ መንገድ መሆኑን ማንም አላሰበም። በእኛ አገር ደግሞ ሴት ሬሳ አይታ ዝም ብላ አታልፍም። ከገበያ የሚመለሱት ሁሉ ሸክማቸውን አውርደው፣ ማን እንደሆንኩ እንኳ ሳይጠይቁ ደረታቸውን ይደቁ ጀመር። ጣሊያኑ በደስታ ካሜራውን ያሽከረክራል። ከሴቶቹ አንዷ አክስቴ የሺ ነበረች። አየችኝና ላዬ ላይ ተደፋች። ወዲያው ልቅሶዋ ቀጥ አለ።

«አንተ፣ ትተነፍሳለህ» አለችኝ በጆሮዬ።

«ፊልም ነው፣ እትዬ» አልኩ ከንፈሬን ሳላንቀሳቅስ።

«እሱን አላውቅም። ከሞትክ አይቀር በደንብ ሙት።»

ቀና አለችና «ደምሴ፣ የእኔ ጀግና» እያለች ሙሾ ታወርድ ጀመር። ሴቶቹ ተቀበሏት።

የቀረውን ያወራልን ያው ባንዳ ነው። ጣሊያኑ ፊልሙን ለአለቃው ሲያሳይ ሬሳው እውነተኛ ነው አለ። «ስሙስ?» ቢባል ሴቶቹ ሲጠሩ የሰማውን ተናገረ። አለቃው ከወንበሩ ተነሥቶ ጨበጠው። እስቲ አሁን «ጌታዬ፣ ያ የዶሮ ደም ነው» ይበል? አላለም። በረሃ የወረደው ጦር ተመለሰ፤ ደምሴን የሚፈልግ ጠፋ።

ጣሊያን ሲወጣ ደምሴ ወደ ቤት መጣ። ሳይቀመጥ «አክስታችን ስታለቅስልኝ ምን አለች?» ብሎ ጠየቀኝ።

«ጀግና አለችህ።»

«በቁሜ ሰነፍ ነበር የምትለኝ» አለና ተቀመጠ።

ከዚያ ወዲህ ሥራዬን ያደነቀ ተመልካች ሞልቷል። አግብቶ የወለዳቸውን ልጆች አስከትሎ፣ በየዓመት በዓሉ ደጄ ድረስ እየመጣ ያመሰገነኝ ግን ደምሴ ብቻ ነው።